በሬ የተሳፈረበት ጀልባ

ረቡዕ፣ ጁላይ 26፤ ከቶሮንቶ ዊኒፔግ

ሻንጣዬን ልዘጋ ስል እናቴ አንድ ፌስታል ዳቦ ቆሎ ወሸቀችበት። "በረሃ አይደል የምትሄጂው?" አለችኝ። በረሃ አይደለም፣ ሐይቅ ዳር ነው ብላት ወይ ፍንክች። በእሷ ቤት ሰው የማይበዛበት አገር ሁሉ በረሃ ነው።

የምሄደው ኖርዌይ ሃውስ ነው። ስሙ አያሳስታችሁ። ካናዳ ውስጥ፣ ማኒቶባ፣ ከዊኒፔግ ሐይቅ ሰሜናዊ ጫፍ ትንሽ አለፍ ብሎ ያለ፣ ከካናዳ ነባር ሕዝቦች አንዱ የሆነው የክሪ ሕዝብ ከተማ ነው። ከ200 ዓመት በፊት የአውሬ ቆዳ ነጋዴዎች መንገድ እንዲጠርጉላቸው ኖርዌጂያን ሠራተኞች አምጥተው ነበር። ሰዎቹ ሄዱ፣ ስማቸው ቀረ።

እዚያ ድረስ የሚጎትተኝ ደግሞ አንድ የሜቶዲስት፣ የፕሮቴስታንት ወገን፣ ቄስ ነው። ከሞተ ከመቶ ዓመት በላይ ሆኖታል። ኤገርተን ራይርሰን ያንግ ይባላል። በ1840 ኦንታሪዮ ውስጥ ተወለደ። አባቱም የሜቶዲስት ሰባኪ ነበሩ። ልጅየው መጀመሪያ አስተማሪ ሆነ፤ በ1867 ለአገልግሎት ተቀባና ሃሚልተን ከተማ ባለ ትልቅ ቤተ ክርስቲያን ተመደበ። የዚያኑ ዓመት በፈረንጅ ገና ዕለት ኤልዛቤት ቢንግሃምን አገባ። ደህና ደመወዝ፣ ደህና ምእመን፣ አዲስ ትዳር። ብዙም ሳይቆይ "ወደ ሰሜን ሂድልን" የሚል ደብዳቤ መጣ። አንብቦ ዝም ብሎ ለሚስቱ ሰጣት። እሷም አንብባ እንሂድ አለች። ይህችን ያዙልኝ፣ እመለስባታለሁ።

በሜይ 1868 ከሃሚልተን ተነሱ። በሚልዋኪ፣ በሴንት ፖል፣ ከዚያ ሸራ በለበሱ ጋሪዎች ሜዳውን አቋርጠው ቀይ ወንዝ፣ የዛሬው ዊኒፔግ ደረሱ። ከዚያ በጀልባ ኖርዌይ ሃውስ። ሁለት ወር ከ19 ቀን ፈጀባቸው። እኔን ዊኒፔግ ለማድረስ አውሮፕላኑ የፈጀበት ሁለት ሰዓት ተኩል ነው፤ ያውም ቡናው ቀዘቀዘ ብዬ ተነጫነጭኩ።

"ራይርሰን" የሚለው ስም ለቶሮንቶ ሰው አዲስ አይደለም። መሃል ከተማ ያለው ዩኒቨርሲቲ በዚህ ስም ይጠራ ነበር። ብዙ የሐበሻ ልጅ ተመርቆበታል፣ እኔም ሁለት ዓመት ተመላልሼበታለሁ። ኤገርተን ራይርሰን የተባለው ሰው እሱም የሜቶዲስት ቄስና የትምህርት ባለሥልጣን ነበር። የነባር ሕዝብ ልጆችን ከወላጆቻቸው ነጥለው በአዳሪ ትምህርት ቤት ለማስገባት መሠረት ከጣሉት ሐሳቦች አንዱ በ1847 እሱ የጻፈው ሪፖርት ነው። በጁን 2021 ተቃዋሚዎች ሐውልቱን በገመድ ስበው ጣሉት። በሚቀጥለው ዓመት ዩኒቨርሲቲው ስሙን ቀይሮ ቶሮንቶ ሜትሮፖሊታን ሆነ። የእኔ ቄስ ወላጆች ለልጃቸው ስም ሲያወጡ ግን ሰውየው የቤተ ክርስቲያናቸው ኩራት ነበር።

ዊኒፔግ አጎቴ ኤርፖርት ቆሞ ጠበቀኝ። የእናቴ ታናሽ ወንድም ነው፣ እኔ ጋሼ እለዋለሁ። ሃያ ዓመት ከባድ መኪና ነድቷል። "በእረፍቴ ደግሞ ልንዳ?" አለኝ ገና ሻንጣዬን ሲቀበል። ፌስታሉን ሲያይ ግን ፊቱ ፈታ አለ።

ሐሙስ፣ ጁላይ 27፤ ሎወር ፎርት ጋሪ

ከዊኒፔግ ወደ ሰሜን ሠላሳ ኪሎ ሜትር ገደማ፣ ቀይ ወንዝ ዳር፣ በድንጋይ አጥር የተከበበ የንግድ ምሽግ አለ። የሃድሰን ቤይ ኩባንያ በ1830ዎቹ የሠራው ነው። ዛሬ ሙዚየም ሆኗል። ወጣቶች የድሮ ልብስ ለብሰው እሳት ያነዳሉ፣ ብረት ይቀጠቅጣሉ። ጋሼ ከቀጥቃጩ ጋር ወዲያው ገጠመ፤ ወናፉን እስኪያስነካው ድረስ አለቀቀውም።

እኔ የፈለግኩት ጀልባውን ነው። ዮርክ ቦት ይሉታል። የሁለቱም ጫፍ ሹል ነው፤ ከታች ጠፍጣፋ፣ ላዩ ክፍት። ጣሪያ የለም፣ ክፍል የለም። ስምንት ቀዛፊ ይዞ፣ ነፋስ ሲገኝ ሸራ ዘርግቶ ይሄዳል። መቅዘፊያውን በክንዴ ልለካ ሞክሬ ተውኩት፤ ከቁመቴ እጥፍ በላይ ነው። ቀዛፊው ተቀምጦ አይቀዝፍም። ከወንበሩ ይነሣና መላ ሰውነቱን ወደ ኋላ ጥሎ ይቀመጣል፣ ደግሞ ይነሣል። እንዲህ እያለ ሙሉ ቀን።

ያንግና ኤልዛቤት ከዚህ ምሽግ ነው የተሳፈሩት። ወደ 640 ኪሎ ሜትር የሐይቅ መንገድ ይጠብቃቸዋል። አሁን በሬው ይመጣል። ለኖርዌይ ሃውስ የሚላክ አንድ ትልቅ በሬ ነበር፣ እሱም በእነሱ ጀልባ ተጫነ። የቆመው ከሙሽሮቹ መቀመጫ አጠገብ ነው። ጀልባው ጠባብ ስለሆነ ጭንቅላቱ በአንዱ በኩል፣ ጭራው በሌላው በኩል ወጥቷል። ያንግ ይህንን ሲጽፍ ይስቃል። ኤልዛቤት መሳቋን ግን እጠራጠራለሁ።

"ቀንዱ በማን በኩል ነበር?" አለኝ ጋሼ።

"አልጻፈም።"

"እንዴት አይጽፍም? ዋናው እሱ አይደል!"

የጀልባዎቹ መሪ ቶማስ ማማኖዋተም የሚባል ክሪ ነበር። ቢግ ቶም ይሉታል፣ ግዙፍ ሰው ስለነበረ። ሐይቁ ጥልቀቱ ትንሽ ነው፤ ነፋስ ሲነሣ ማዕበሉ አጭርና ቁጡ ይሆናል። መቼ መውጣት፣ መቼ ደሴት ተጠግቶ መጠበቅ እንዳለባቸው የሚያውቀው እሱ ነው። ቄሱ በዚያ ጀልባ ላይ ከበሬው ብዙም የማይሻል ጭነት ነበር። ይህን ያልኩት እኔ ነኝ እንጂ እሱ አይደለም። ግን መጽሐፉን በዚህ ዓይን ስታነቡት ሌላ መጽሐፍ ይሆናል።

ስንወጣ አንድ ሰሌዳ አየን። የካናዳ መንግሥት ከነባር ሕዝቦች ጋር የፈረመው የመጀመሪያው ቁጥር ያለው ውል፣ ትሪቲ 1፣ እዚሁ በኦገስት 1871 ነው የተፈረመው። ጋሼ ሃያ ዓመት በዚህ በር ሲያልፍ ገብቶ አያውቅም ነበር። "ለካ የምንኖርበት ቤት ካርታው እዚህ ነው" አለ።

ዓርብ፣ ጁላይ 28፤ ሀይዌይ 6

ወደ 800 ኪሎ ሜትር መንገድ ነው። ሌሊት አሥራ አንድ ሰዓት ተነሣን። ጋሼ ሞተሩን ከማስነሣቱ በፊት ያማትባል፣ ዘይቱን ያያል፣ ጎማውን በእግሩ ይመታል። በዚህ ቅደም ተከተል።

መንገዱ በሁለት ትልልቅ ሐይቆች መሃል ነው የሚያልፈው፤ ግን አንዱንም አታዩም። ጫካ፣ ረግረግ፣ ጫካ። ላንደር ላይ ግዙፍ የዝይ ሐውልት አለ፣ አሽርን ላይ ደግሞ ቆቅ የሚመስል የዱር ወፍ ሐውልት። ከዚያ በኋላ ሐውልትም የለም። የዊኒፔግ ሐይቅ ስፋቱ 24,500 ካሬ ኪሎ ሜትር አካባቢ ነው። ለጋሼ ጣናን ስምንቴ ብሎ ማሰብ ነው አልኩት። ባሕር ዳር ተወልዶ ያደገ ሰው ነው፤ አልወደደውም። "ጣና ግን ገዳም አለው" ብሎ ዘጋኝ።

ሰዓቱን ለመግደል የውሾቹን ታሪክ ነገርኩት። እኔን ወደ ያንግ ያመጣኝም ይኸው ነው። ጃክ ለንደን በ1903 ያሳተመውን የውሻ ልብ ወለድ ልጅ ሆኜ አንብቤው ነበር፣ ባክ የሚባለው ውሻ ያለበትን። ካደግኩ በኋላ ነው ከጀርባው ሌላ መጽሐፍ መኖሩን የሰማሁት። ያንግ በ1902 ስለ ሰሜን ውሾቹ አንድ መጽሐፍ አሳትሞ ነበር። በ1907 አንድ መጽሔት ሁለቱን ጎን ለጎን አስቀምጦ የሚመሳሰሉትን ቦታዎች አወጣ። ለንደን አልካደም። መጽሐፉን እንደ ምንጭ ተጠቅሜበታለሁ፣ ለያንግም ደብዳቤ ጽፌ አመስግኛለሁ አለ። አንዱ በዓለም ላይ ስሙ ናኘ፣ ሌላው ተረሳ።

የያንግ ዋና ውሻ ጃክ የሚባል ግዙፍ ሴንት በርናርድ ነበር። ቤት ውስጥ ማሪ የምትባል ክሪ ሠራተኛ ነበረቻቸው። የወጥ ቤቷን የሳንቃ ወለል ነጭ እስኪሆን ትፈትገዋለች። ጃክ ይህን ጠብቆ ገብቶ መሃሉ ላይ ይዘረጋል። ብትጎትተው አይነሣም፣ ብትጮህበት አይሰማም። ሜዳ ላይ ደግሞ ሌላ ፍጥረት ነው። አንድ ጊዜ ያንግና አሌክ የሚባል ወጣት አብሮት ተጓዥ በበረዶ በተሸፈነው ሐይቅ ላይ ሲሄዱ ውሽንፍር ወረደባቸው። አሌክ አቅጣጫው ጠፋበት። መሬትና ሰማዩ አንድ ሆነ። ያንግ ቀረብ ብሎ ለጃክ እንደ ሰው አወራው፤ ጠፍተናል፣ ከእንግዲህ ያንተ ሥራ ነው አለው። ውሻው ደህና አድርጎ አመጣቸው።

"ጂፒኤስ ማለት ነው" አለ ጋሼ።

ይህን ባለ ሃያ ደቂቃ ውስጥ፣ ግራንድ ራፒድስ ሊደርስ ሲል፣ የኋላ ጎማችን ፈነዳ። እስኮርታው ስናወጣው እሱም ግማሽ ነፋሱ የለም። ሃያ ዓመት የነዳ ሰው! የሦስቱን ጎማ በእግሩ ሲመታ አራተኛውን ዘሎታል፣ ሻንጣ ስር ያለውን ደግሞ ጨርሶ ረስቶታል። ምንም አልተናገርኩም። ዳቦ ቆሎ አቀበልኩት። ትንኞቹ ግን ዝም አላሉም፤ ክሪኩን ይዤለት ሳለሁ ጆሮዬ ውስጥ ገብተው ነበር። እያዘገምን ከተማዋ ገባን፤ ያገኘነው ማደሪያ ሻወሩ ቀዝቃዛ ነው።

ቅዳሜ፣ ጁላይ 29፤ ግራንድ ራፒድስ

ዕቅዴ ዛሬ ኖርዌይ ሃውስ መድረስ ነበር። ያንግና ኤልዛቤት የደረሱት በዚሁ ቀን፣ በጁላይ መጨረሻ ስለሆነ። ጎሚስታው ግን የእኛ ልክ ጎማ የለውም፣ ከሌላ ከተማ እስኪመጣ ማታ ይሆናል አለን። ቀኑ እንዲሁ አለፈ።

ቁጭ ብዬ የክረምቱን ምዕራፍ ደገምኩት። ያንግ የሚያገለግለው አካባቢ ሰፊ ስለነበረ ክረምቱን በውሻ ጋሪ ከሰፈር ሰፈር ይዞራል። ብርዱ ከዜሮ በታች 40 ዲግሪና ከዚያም በላይ ይወርዳል። ሲመሽ ድንኳን የለም። የበረዶ ጫማቸውን እንደ አካፋ ይዘው በረዶውን ይቆፍራሉ፣ ከስር የጥድ ቅርንጫፍ ያነጥፋሉ፣ ከፊት እሳት ያነዳሉ። ለውሾቹ በቀን አንዴ፣ ማታ፣ በረዶ የሆነ ዓሣ በእሳት ሞቆ ይሰጣቸዋል። ከዚያ ክሪዎቹ ቄሱን እንደ ሕፃን ጠቅልለው ያስተኙታል፣ ፊቱን ጭምር። እሱ ታፈንኩ ይላል፣ እነሱ ተሸፈን ይላሉ። አንድ ሌሊት በእንቅልፉ ፊቱን ገለጠ። ሲነቃ እጁ አንድ ደረቅ ነገር ይዟል፣ የመጥረቢያ እጀታ ጫፍ መሰለው። የራሱ አፍንጫ ነበር፣ በርዶ የደረቀ።

ጋሼ እስኪያስለቅሰው ሳቀ። ከዚያ ምን ይበሉ ነበር አለኝ። ፔሚካን ነዋ። የጎሽ ሥጋ ቋንጣ ሆኖ፣ ተወቅጦ፣ በሞራ ተለውሶ በቆዳ ከረጢት ይታሸጋል። ዓመት ቢቀመጥ አይበላሽም። "ሚጥሚጣ የለውም?" የለውም። "እንግዲያው አዘንኩላቸው።"

እሁድ፣ ጁላይ 30፤ ወንዙን መሻገር

ከፖንተን አልፎ ከዋናው መንገድ ስንታጠፍ ሌላ ዓለም ነው። ጄንፔግ ላይ ትልቅ የኤሌክትሪክ ግድብ አለ፣ ከሐይቁ የሚወጣውን ውኃ የሚቆጣጠር። ግድቡ የወንዙን ከፍታ አዛብቶ ዳርቻውን ሸርሽሯል፣ የዓሣውንም ሥራ ጎድቷል። በ1977 ኖርዌይ ሃውስን ጨምሮ አምስት ነባር ሕዝቦች ለደረሰባቸው ጉዳት ከመንግሥትና ከመብራት ኃይሉ ጋር ስምምነት ተፈራርመዋል። ቶሮንቶ ቁጭ ብዬ ሳነብ ወረቀት ነበር። እዚህ ውኃው ውስጥ የቆሙ ደረቅ ዛፎች ናቸው።

የኔልሰንን ወንዝ የምትሻገሩት በፌሪ ነው። ክፍያ የለውም። ከፊታችን ዳይፐርና ለስላሳ የጫነ ፒክ አፕ፣ ከኋላችን ሠርገኞች የመሰሉ ልጆች። ጋሼ ከመኪናው ወርዶ ብረቱን ተደግፎ ዝም አለ። ስንት ዓመት አስፋልት ብቻ ያየ ሰው ነው።

ማታ ያደርንበት ቤት ሴትየዋ የተጠበሰ ዓሣና ባነክ የሚሉትን ዳቦ አቀረቡልን። ባነክ ድፎም አይደል፣ ቂጣም አይደል፣ በመሃላቸው ያለ ነገር ነው። ጣፋጭ ዓሣ ነበር፣ ወፍራም፣ ነጭ። ይህ ዓሣ ያንግን ያኖረው ነው። በመከር መጨረሻ ሚስዮኑ አሥር ሺህ ያህል ዓሣ አጥምዶ በቆጥ ላይ ይሰቅላል። ብርዱ ማቀዝቀዣ ነው። ከዚያ ቁርስ ዓሣ፣ ምሳ ዓሣ፣ እራት ዓሣ። በሳምንት 21 ጊዜ ዓሣ በላን ይላል፣ ቆጥሮ። በዓቢይ ጾም ዓሣ ይበላል አይበላም ብለው ሲከራከሩ የማውቃቸውን ሰዎች አሰብኩ። ይህን ሰው ምን ይሉት ይሆን?

ሰኞ፣ ጁላይ 31፤ ሮስቪል

የጉዞዬ ዋና ቀን ይህ ነው።

ሮስቪል የድሮው ሚስዮን የነበረበት ሰፈር ነው፣ ከጥንቱ የነጋዴዎች ምሽግ ሦስት ኪሎ ሜትር ገደማ ይርቃል። ከያንግ በፊት እዚህ የነበረው ጄምስ ኢቫንስ የሚባል እንግሊዝ ተወላጅ የሜቶዲስት ሚስዮናዊ ነው። ያንግ ስለሱ በ1899 መጽሐፍ ጽፎለታል፣ ጀግናው ነው። ኢቫንስ በ1840 እዚህ እንደደረሰ ለክሪ ቋንቋ ፊደል አዘጋጀ። ማተሚያ ቤት የለ፣ ቀለም የለ። የፊደሉን ቅርጽ በእንጨት ላይ ቀረጸ። ለሻይ ሣጥን ልባጥ የሚሆነውን ስስ እርሳስ አቅልጦ አፈሰሰበት። ቀለሙን ከጥላሸትና ከዓሣ ዘይት ለወሰ። በወረቀት ፈንታ የበርች ዛፍ ልጥ ወሰደ። መጭመቂያው የአውሬ ቆዳ የሚታሰርበት ማሽን ነው። ጥላሸት ላይ ስደርስ ፈገግ አልኩ። የእኛ ደብተሮችስ ቀለማቸውን ከምን ነበር የሚያዘጋጁት?

ግን የኔ ጉዳይ ከዚያም ይበልጣል። ቤተ ክርስቲያኑ አጠገብ ሰሌዳ ላይ ያን ፊደል በዓይኔ አየሁት። ዘጠኝ ያህል ቅርጾች አሉ፣ እያንዳንዳቸው በአራት አቅጣጫ ይዞራሉ። አንድ ሹል ቅርጽ አለ፣ ጣሪያ የሚመስል። ጫፉ ወደ ላይ ሲሆን ፒ፣ ወደ ታች ሲገለበጥ ፔ፣ ወደ ቀኝ ፖ፣ ወደ ግራ ፓ። ተነባቢው በቅርጹ ይታወቃል፣ አናባቢው በአዟዟሩ። እኛ እግር እንቀጥላለን፣ ቀለበት እናስራለን፣ እነሱ ያዞሩታል። የመጀመሪያዋን መስመር ጣቴን እያስኬድኩ ጮክ ብዬ ሳነብ እንደ ቄስ ትምህርት ቤት ተማሪ ሰውነቴ መወዛወዝ ጀመረ። ጋሼ ከኋላዬ "አቡጊዳ!" አለ።

በረንዳቸው ላይ የተቀመጡ አንዲት አሮጊት ሰምተውን ሳቁ። ሰፈሩ ሁሉ ኮኩም ይላቸዋል፣ አያት ማለት ነው። ልጃቸው ወንበር አመጣልን፣ ሻይ ቀረበ። ማስታወሻ ደብተሬ ላይ ሀ ሁ ሂ ሃ ብዬ ጻፍኩላቸው።

"ስንት ናቸው?" አሉኝ።

"ሠላሳ ሦስት፣ እያንዳንዱ ሰባት ሰባት።"

"እኔ ያን ሁሉ አልማርም" አሉና ብዕሩን ተቀበሉኝ። ስሜን ሦስት ጊዜ አስብለው በእነሱ ፊደል ጻፉልኝ። እጃቸው ይንቀጠቀጣል፤ ቅርጾቹ ግን ቀጥ ያሉ ናቸው። ከዚያ የእሳቸውን ስም በአማርኛ ጻፍኩ። ወረቀቱን አርቀው፣ አቅርበው፣ ገልብጠው አዩት። "ይሄኛው እግር አለው" አሉ፣ ሁለተኛዋን ፊደል እያሳዩ።

ስለ ኢቫንስ ስጠይቃቸው ትከሻቸውን ነቀነቁ። "ነጮቹ እሱ ነው የሰጣችሁ ይላሉ። ወደ ምዕራብ ያሉ ሽማግሌዎች ግን ሌላ ነው የሚሉት።" በእነዚያ ሽማግሌዎች ዘንድ ፊደሉ የመጣው ሚስታናስኮዌው ለሚባል ክሪ ነው። ሰውየው ሞቶ ወደ መናፍስት ዓለም ሄዶ ተመለሰ፣ ፊደሉ የተጻፈበትን ልጥ ይዞ። "እርስዎስ የትኛውን ያምናሉ?" አልኳቸው። "እኔ እናቴ ያስተማረችኝን አምናለሁ" አሉ። "እናቴ ስታስተምረኝ ማን ሠራው አላለችኝም።" የተረጋገጠው ነገር ይህ ነው፤ ፊደሉ ከሚስዮናውያን ቀድሞ ይሮጥ ነበር። አንዱ ክሪ ለሌላው በቀናት ውስጥ እያስተማረው፣ ቄስ ረግጧቸው የማያውቅ ሰፈሮች ማንበብ ጀምረው ነበር።

ኢቫንስ በ1846 እንግሊዝ ሞተ። ከሁለት ዓመት በፊት አብሮት ይጓዝ የነበረውን አስተርጓሚውን ቶማስ ሃሳልን ሳያስበው ጠመንጃው ባርቆ ገድሎት ነበር። አመዱ በ1955 ወደዚህ መጥቶ ተቀበረ።

ከሰዓት በኋላ ኮኩም ያላሉትን ነገር ልጃቸው ነገረን። ያንግ ከሄደ በኋላ፣ በ1900፣ እዚሁ የቤተ ክርስቲያኒቱ አዳሪ ትምህርት ቤት ተከፈተ። ሁለት ጊዜ ተቃጥሎ ሁለት ጊዜ ተሠራ። እስከ 1967 ቆየ። ቋንቋቸውን የጻፈችላቸው ቤተ ክርስቲያን፣ በኋላ ልጆቻቸውን ያንኑ ቋንቋ የሚያስረሳ ቤት ውስጥ አስገባች። ሜቶዲስቶቹ በ1925 ተዋህደው የገቡባት የካናዳ ዩናይትድ ቸርች በ1986፣ ስለ አዳሪ ትምህርት ቤቶቹም በ1998 ይቅርታ ጠይቃለች። ኮኩም እዚያ ነበሩ ወይ ብዬ አልጠየቅኩም። ሻዩን ሲቀዱ የእጃቸውን መንቀጥቀጥ ሳይ ቆየሁ።

ያንግን በዚህ ሁሉ መክሰስ አልፈልግም፣ ነጻ ማውጣትም አልችልም። ሰዎቹን ይወዳቸው እንደነበር ከጽሑፉ ይታወቃል፤ እያፈቀረም "አረመኔ" ይላቸዋል። ቢግ ቶምን ግን በትክክል አይቶታል። ውሉ ሲመጣ ሕዝቡ አለቃ ሁንልን አለው። ቶም ጊዜ ወስዶ ጸለየበት፣ ተመልሶም ሸክሙ ይከብደኛል ብሎ እምቢ አለ። ሥልጣን ሲሰጡት የሚመልስ ሰው! ጋሼ ይህን ሁለት ጊዜ አስነገረኝ።

ማክሰኞ፣ ኦገስት 1፤ ከጀልባው ዳር

ጠዋት የድሮውን ምሽግ አየን። ብዙው ፈርሷል። በ1840 ገደማ የተሠራ ነጭ የእንጨት መጋዘን አለ፣ መሃሉ በቅስት የተከፈተ፣ ከወንዙ ቀጥታ የሚገባበት። ያንግና ኤልዛቤትም ከነበሬው እዚህ ዳር ነው የወረዱት።

ከተማው በየዓመቱ በኦገስት መጀመሪያ የዮርክ ቦት በዓል ያከብራል። ወጣቶቹ ውድድሩ ስለደረሰ ይለማመዳሉ። ወንዙ ዳር ቁጭ ብዬ አየኋቸው። ይነሣሉ፣ ይወድቃሉ፣ ይነሣሉ። መሪው ከኋላ ቆሞ በክሪ ይጮሃል። አንዷ መቅዘፊያዋ አምልጧት ሁሉም ሳቁባት።

እዚያ ቁጭ ብዬ ስለ ኤልዛቤት አሰብኩ። በ1873 ክረምቱ አልፎ በበጋ፣ ሦስት ልጆች ይዛ በክፍት ጀልባ ከዚህ ወደ ደቡብ ተነሣች። ባሏ ተተኪው እስኪመጣ መቅረት ነበረበት። ጣሪያ በሌለው ጀልባ ላይ ፀሐዩ በረታ። ትንሿ ኔሊ ታመመችና በመንገድ ላይ ሞተች። ቀይ ወንዝ አካባቢ ቀበሯት። አባትየው አልነበረም። ከዚያም በኋላ ተመልሰው ቤረንስ ሪቨር ላይ አዲስ ሚስዮን ጀመሩ። በሴፕቴምበር 20 ቀን 1875 እዚያ ትሪቲ 5 ሲፈረም ከምስክሮቹ ስም መሃል የባልና ሚስቱ አለ። በ1876 የእሷ ጤና ስላልቻለ ወደ ኦንታሪዮ ተመለሱ።

በሰሜን የቆየው ስምንት ዓመት ነው። ከዚያ በኋላ የኖረው በእነዚያ ስምንት ዓመታት ታሪክ ነው። ጥቂት ዓመት ኦንታሪዮ ውስጥ ከሰበከ በኋላ በ1888 ምስባኩን ትቶ ዓለምን እየዞረ ያወራ ጀመር፤ አሜሪካ፣ እንግሊዝ፣ አውስትራሊያ። በ1890 በታንኳና በውሻ ጋሪ ስለ ተጓዘባቸው ዓመታት የጻፈው ወጣ። ተሸጠ። ከዚያ ለወንዶች ልጆች የጀብዱ መጻሕፍት፣ ድብ፣ ተኩላ፣ ውሽንፍር። ስብከቱ በጀብዱው መሃል ተሸጉጦ ይመጣል። እውነት ለመናገር ከስብከቶቹ ይልቅ አፍንጫው ይሻላል። በ1909 ብራድፎርድ፣ ኦንታሪዮ ሞተ።

ኤልዛቤት በእርጅናዋ የራሷን ማስታወሻ ጽፋ ነበር። ታትሞ የወጣው በ2014 ነው። እኔ ያገኘሁት ከባሏ መጻሕፍት በኋላ ነው፤ በሻንጣዬ ውስጥም ከዳቦ ቆሎው ስር ነበር።

"እሷስ ስለ በሬው ጽፋለች?" አለኝ ጋሼ፣ ቁልፉን እያሽከረከረ።

"በመኪና አነብልሃለሁ፤ መጀመሪያ ጎማዎቹን እይ።"

አራቱንም መታ። እስኮርታውንም አውጥቶ መታው። ከወንዙ በኩል የመሪው ጩኸት እንደገና ተሰማ፣ ቀዛፊዎቹም ተነሡ።